ከሥዕሉ የወጣ ሲባጎ

ባለሲባጎው ዕድሜውን የፈጀው ገመድ ሲዘረጋ ነው። መጀመሪያ የስልክ ገመድ ነበር። ከአስፋልቱ ሥር በተቀበሩ ቱቦዎች ውስጥ በሆዱ እየተሳበ፣ ባትሪውን በጥርሱ ነክሶ፣ ሽቦውን ከአንዱ ጉድጓድ ወደ ሌላው ያሻግራል። ጠባብ ቦታ አያስጨንቀውም። የሥራ ጓደኞቹ «ስትወለድም ለመውጣት አልቸኮልክም አሉ» እያሉ ይተርቡት ነበር። እሱ አይስቅም፣ አይቆጣምም። ቱቦው ውስጥ ጸጥታ አለ፤ ከላይ የሚያልፈው መኪና እንኳ እንደተራበ ሆድ ከሩቅ ሲያጉረመርም ብቻ ነው የሚሰማው።

አንድ ክረምት የከተማው የውሃ ድርጅት ፓምፕ በጎርፍ ተዋጠ። ጠላቂ ተፈልጎ ጠፋ። አንዱ አለቃ «ጨለማም ጥበትም የማይገደው ሰው አለ» ብሎ እሱን አስጠራው። ጡረታ የወጡ አንድ የወደብ ጠላቂ በመዋኛ ገንዳ ውስጥ አየር መሳብና መልቀቅን እንደ ሕፃን አስተማሩት፤ ከዚያ ገብቶ ፓምፑን ፈትቶ አወጣ። ወደ ቱቦው አልተመለሰም። ቢመለስም ብዙ አይቆይም ነበር፤ ስልኩ ሁሉ ሽቦውን ጥሎ ኪስ ውስጥ ገብቷል።

ከጡብ ፋብሪካው ጀርባ፣ ከነጭ ድንጋይ ገደል ሥር፣ አንድ ምንጭ አለ። ከላይ ሲያዩት የመማሪያ ክፍል የሚያህል ኩሬ ነው፤ የፋብሪካው ሠራተኞች ከሥራ ሲወጡ ፊታቸውንና ክንዳቸውን ይታጠቡበታል። ከሥሩ ግን ሰው የሚያሳልፍ ቀዳዳ አለ፤ ከቀዳዳው ወዲያ ኮረብታው ሁሉ ባዶ ነው፤ በውሃ የተሞላ ባዶ። ባለሲባጎው በየእረፍት ቀኑ ወደዚያ እየገባ፣ ነጭ የናይለን ሲባጎውን ከድንጋይ ድንጋይ እያሰረ፣ በዓመታት ውስጥ ዋሻውን ጥቂት በጥቂት ለመደው። ቅጽል ስሙ ያኔ ወጣለት።

በዋሻ ውሃ ውስጥ መብራት ውሸታም ነው። ውሃው እንደ መስታወት የጠራ ነው፤ ወለሉ ላይ ግን ከዱቄት የላመ ደለል ተኝቷል። አንድ ሰው እግሩን በስህተት አንዴ ካወናጨፈ ደለሉ ይነሣና መብራቱ ነጭ ግድግዳ ይሆናል፤ የገዛ እጅ አይታይም። ያኔ ያለው ሲባጎው ብቻ ነው። ጣትን በሲባጎው ላይ እያስኬዱ፣ ቋጠሮ እየቆጠሩ ይወጣሉ። በየቋጠሮው ላይ ወደ መውጫው የሚያመለክት ትንሽ የፕላስቲክ ቀስት አለ፤ በጣት ይነበባል። ንግግሩም በእጅ ነው፤ ክንድ ከተጨመቀ ቁም፣ ከተገፋ ሂድ። አየሩ ደግሞ በሲሶ ይከፈላል፤ ሲሶ ለመግቢያ፣ ሲሶ ለመውጫ፣ ሲሶ ለክፉ ቀን።

ከዚህ ሁሉ በላይ ግን አንድ ሕግ ነበረው። ሲባጎውን የዘረጋው ሰው ነው የሚያነሳው። ሌላው አይነካውም፣ አያጠብቀውም፣ አያላላውም፣ ለቅንነትም ቢሆን አይጠቀልለውም። ውስጥ ማን እንደቀረ የሚያውቀው የዘረጋው ነውና። እሱም ሥራ ጨርሶ ሲወጣ ግራ እጁ ሲባጎው የሚጠቀለልበትን ማጠንጠኛ ይዛ፣ ቀኝ እጁ እያዞረች፣ ከኋላው ሲባጎውን እየለቀመ ይመጣል። ይህ ልማድ ደረቅ መሬት ላይም አልለቀቀውም። የካውያውን ገመድ፣ የሚስቱን የስፌት ክር፣ የጫማ ማሰሪያ፣ ያገኘውን ሁሉ ሳያስበው ይጠቀልላል።

አማቱ «ይሄ ልጅ አንድ ቀን እኔንም ጠቅልሎ መሳቢያ ውስጥ ይከተኛል» ይሉ ነበር። «መሳቢያው ይጠበዎታል፣ እማዬ» ይላቸዋል። ይስቃሉ። ልጄ ነበር የሚሉት።

ሚስቱ የመጋረጃ ሰፊ ናት። ቤታቸው ከአንድ ሕንፃ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው፤ ሁለት መኝታ ቤት፣ አንድ ሳሎን፣ ከሳሎኑ ጥግ መስፊያ ማሽኗ፣ ከማሽኑ አጠገብ የጨርቅ ክምር። ልጅ አልወለዱም። አንደኛው መኝታ ቤት የእናቷ ነው። ወንድሟ የሚኖረው ከመንገዱ ማዶ ቢሆንም የሚበላው እዚሁ ነው፤ ሥራው በካሜራ መቅረጽ ነው።

ይህ ባለካሜራ ሰርግ እየቀረጸ ነው እጁን ያፍታታው። ሥዕል ላይ የማያስፈልግ ነገር ካየ እንቅልፍ አይወስደውም። የአበባ ማስቀመጫ ያነሳል፣ የመብራት ሽቦ ይደብቃል፣ የቆመውን ያስቀምጣል፣ የተቀመጠውን ያስነሳል። እህቱ ሁሌ የምታነሳበት አንድ ታሪክ አለ።

«የአያትየዋን ምርኩዝ ከፎቶው አወጣለሁ ብለህ አሮጊቷን ዘረርካቸው።»

«አልወደቁም። ተንገዳገዱ እንጂ።»

«ሙሽራው ደግፎ ባይዛቸው?»

«እሱም ከሥዕሉ ወጥቶ ነበር፤ ለዚህ ነው የደረሰላቸው» ይልና እናቱን እያሳቀ ከእህቱ ሳህን ላይ ይነጥቃል።

የውሃ ውስጥ ቀረጻን ያስተማረው ባለሲባጎው ነው። ልጁ ቶሎ ለመደ፤ አየር ቆጣቢ፣ እርጋታ ያለው ሆነ። ለካሜራው ውሃ የማያስገባ ሣጥን አሠራ። ባለሲባጎው ፊት ፊት መብራቱን ይዞ ይዋኛል፣ እሱ ከኋላ ይቀርጻል። በሥዕሉ ላይ ትንሽ ጥቁር ሰው በሰማያዊ ብርሃን መሃል ሲንሳፈፍ ይታያል። ያንን ያየ አንድ አስጎብኚ ድርጅት ስለ ዋሻው ሙሉ ፊልም እንዲሠሩለት ጠየቃቸው። የፊልሙ ማሳረጊያ እንዲሆን የታሰበው አዳራሹ ነበር፤ ከመግቢያው ርቆ የሚገኝ፣ ጣሪያው በነጭ የድንጋይ ጦሮች የተሞላ ሰፊ ክፍል። ወለሉ ሁሉ ደለል ነው። በአንድ በኩል፣ ከወለሉ ከፍ ብሎ፣ እንደ ከንፈር የወጣ አለት አለ፤ ከከንፈሩ ሥር እጅ የሚገባበት፣ ሰው ግን የማያልፍበት ጥልቅ ስንጥቅ።

ቀረጻው ከመድረሱ በፊት ያጨቃጨቃቸው ያው ሲባጎ ነበር። በገቡ ቁጥር በአዳራሹ መሃል ነጭ ሆኖ ያልፋል። ባለካሜራው ምሳ ላይ አነሳው።

«ጋሼ፣ ያንን ክር ከአዳራሹ አውጣልኝ።»

«አላወጣም።»

«ፊት ላይ እንደተለጠፈ ፀጉር እኮ ነው። ዓይን ሁሉ እሱን ነው የሚያየው።»

«እንዲያየው ነዋ የዘረጋሁት።»

«ቢያንስ ጥቁር ይሁን።»

«ጥቁር ሲባጎ፣ ጨለማ ውስጥ። ለምን ዓይናችንን በጨርቅ አስረን አንገባም? እህትህ ጨርቅ አላት።»

አማቱ ገቡበት። «ምናለበት ልጄ፣ ደስ ይበለው። አንድ ክር ነው።»

«እማዬ፣ አንድ ብቻ ስለሆነ ነው እኮ» አለ ባለሲባጎው።

ባለካሜራው አልተከራከረም። ሳህኑን ጠረገና ፈገግ አለ። ያን ፈገግታ ባለሲባጎው ያኔ እንደ መሸነፍ ቆጠረው።

በቀረጻው ቀን ከኩሬው ዳር የቀሩት ጋሽ ንፋስ ነበሩ። ሲሊንደሮቹን በኮምፕረሰር አየር የሚሞሉት ሽማግሌ ናቸው፤ ቅጽል ስማቸውም ከዚያ የመጣ ነው። ሁለቱን ከላይ እስከ ታች ዳበሱና «በሉ፣ የሰጠኋችሁን ንፋስ መልሱልኝ» አሉ። ሁሌ የሚሉት ነው። ሁለቱ ጠለቁ።

አዳራሹ ድረስ ያለው ሲባጎ የቆየ ነው፤ በአዳራሹ ውስጥ የሚያልፈውን ግን ባለሲባጎው ሁሌ ሲወጣ ስለሚያነሣው እንደገና አዲስ ዘረጋ። ከአዳራሹ መግቢያ አጠገብ ካለ ዓምድ ላይ አሰረ፤ በአዳራሹ መሃል፣ ከከንፈሩ በደንብ አርቆ፣ አንድ ጉብታ ድንጋይ ላይ አዞረ፤ ማጠንጠኛውን እየለቀቀ ወደ ማዶው ግድግዳ ሄደ። እዚያ ደርሶ ጀርባውን ሰጥቶ መብራቱን ወደ ጣሪያው መለሰ። ቀረጻው እንዲህ ነበር የታቀደው፤ እሱ ሳይዞር ይንሳፈፋል፣ ልጁ ከኋላው ይቀርጻል።

ስለዚህ ያየው ነገር የለም። ሲባጎው በእጁ ላይ አንዴ ተወጠረ፣ ቆይቶም ላላ። የለመደ እጅ ነውና በደመ ነፍስ ትርፉን ጠቀለለ። ልጁ ነክቶት ይሆናል ብሎ አሰበ። ሲባጎ በሰው ሲነካ እንደዚያ ያደርጋል። በጀርባው ግን ባለካሜራው ሲባጎውን ከጉብታው አንስቶ ከአለቱ ከንፈር ሥር ወሽቆት ነበር፤ ከሥዕሉ እስኪወጣ ድረስ ብቻ፣ ለጥቂት ጊዜ። ባለሲባጎው ከማዶ ትርፉን ሲጠቀልል ሲባጎው ተሳበና ወደ ስንጥቁ ጥልቀት ገባ።

ከዚያ ደለሉ ተነሣ። ማን አነሣው፣ እንዴት፣ እስካሁን አያውቅም። ምናልባት ልጁ ለተሻለ ማዕዘን ወደ ኋላ ሲል እግሩ ወለሉን ነክቶት ይሆናል። ባለሲባጎው ዞር ሲል መብራቱ ነጭ ግድግዳ ላይ አረፈ። አልደነገጠም። ማጠንጠኛውን ቆልፎ ግድግዳው ላይ አሰረ፣ ጣቱን በሲባጎው ላይ አደረገ፣ ተመለሰ።

ጣቱ ጉብታውን ጠበቀች። ጉብታው አልመጣም። ሲባጎው ወደማያውቀው አቅጣጫ ታጠፈ፣ ዝቅ አለ፣ ከአለት ሥር ገባ። በዚያው ቅጽበት እጁ እግር ነካ።

ልጁ በሲባጎው ሄዶ ነበር። ወደ ስንጥቁ የከተተው ራሱ ነው፤ ግን ጥቂት ወሸቀው እንጂ ይህን ያህል ጠልቆ ይገባል አላለም፤ በጭፍኑ ሲመጣ ደግሞ ጣቱ የነገረችውን ብቻ ነው ያመነው። ያስተማረው ባለሲባጎው ነው፤ ዓይንህን አትመን፣ ጣትህን እመን እያለ። ጭንቅላቱና አንድ ትከሻው ከከንፈሩ ሥር ገብተዋል፤ ጀርባው ላይ ያለው ሲሊንደር ከአለቱ ጋር ተቀርቅሯል። ባለሲባጎው ጎተተው። እግሩን ግድግዳ ላይ ተክሎ ጎተተው። ሲሊንደሩን ለመፍታት እጁን ቢሰድ ማሰሪያው በአለቱና በልጁ ደረት መሃል ነው። የራሱን የመውጫ ሲሶ ጨረሰ፤ ለክፉ ቀን ያለውን ጀመረ።

ልጁ ነጻ በሆነችው እጁ ፈለገው፣ ክንዱን አገኘው፣ ገፋው። አንዴ፣ በኃይል።

ሂድ ማለት ነው። ወይም ደግሞ የሚሰምጥ ሰው እጅ ያገኘውን ሁሉ ይገፋል። ባለሲባጎው ይህን ለማንም ተናግሮ አያውቅም፤ የትኛው እንደነበረም አያውቅም። ጥቂት ቆይቶ እጁ መግፋቱን ተወ።

ከዚያ ባለሲባጎው ሲባጎውን ለቀቀ። ማንም ጠላቂ የማያደርገውን አደረገ፤ በጭፍን፣ እጁን በአለቱ ከንፈር ላይ አሻግሮ፣ ግድግዳውን እየዳበሰ በትውስታ ወደ ዓምዱ ሄደ። የራሱን ቋጠሮ ሲያገኝ ጣቶቹ ያለ እሱ ትእዛዝ አወቁት። ኩሬው ላይ ሲወጣ ሲሊንደሩ ባዶ ሊሆን ምንም አልቀረውም ነበር። ጋሽ ንፋስ ወደ ውሃው አዩ፣ ወደ እሱ አዩ፣ ኮምፕረሰሩን አጠፉ። 

በማግስቱ ከፖሊስ ሁለት ጠላቂዎች መጡ። የወንዝ ሰዎች ናቸው፤ ጣሪያ ያለው ውሃ ውስጥ ገብተው አያውቁም። የመጀመሪያው ክፍል ድረስ ገቡና ከዚያ ወዲያ እንደማይሄዱ በእጃቸው ነገሩት። ሊፈርድባቸው አልቻለም። ብቻውን አለፈ።

ደለሉ ወርዶ ውሃው ጠርቷል። መብራቱን ሲያበራ ሁሉም ነገር በየቦታው፣ እንደ ሰው ቤት ተስተካክሎ ተቀምጧል። ጉብታው ባዶውን ነው። ሲባጎው ከዓምዱ ተነስቶ፣ ወለሉን አቋርጦ፣ ከከንፈሩ ሥር ይገባና ከአለቱ በወዲያኛው ጫፍ ይወጣል። ማንም ዋሻ የሚያውቅ ሰው ቢያየው በአንድ እይታ ይገባዋል፤ እንዲህ አድርጎ የሚዘረጋ የለም፤ የሰው እጅ ገብቶበታል። ይህንንም ባለሲባጎው አየና በልቡ «ይኸው» አለ። ለራሱ ለመጀመሪያ ጊዜ ያዘነውም ያኔ ነው።

ከዚያ ሥራ ነበር። በዚህ ቀን ይዞት በገባው ረጅም መቁረጫ ማሰሪያውን ቆረጠ። ማጠንጠኛውን ከማዶው ግድግዳ ፈትቶ ሲባጎውን ከስንጥቁ ውስጥ ሳበ፤ ካልሳበው ትከሻው አይወጣም። ልጁን አወጣ። ካሜራው በሣጥኑ እንዳለ ደረቱ ላይ ተንጠልጥሏል። ከራሱ ጋር አሰረው፤ ከክንዱ በታች አቅፎ መመለስ ጀመረ። መንገዱ ረጅም ነው፤ ልጁም ከባድ ነው፤ በጠባቡ ቦታ ላይ አስቀድሞ እየገፋው፣ ተከትሎት እያለፈ። ስለ ምንም አላሰበም። ስለ አማቱም፣ ስለ ሚስቱም። ማሰብ አየር ይበላል።

ኩሬው ዳር ሰዎች ልጁን ተቀበሉት። ጋሽ ንፋስ ባለሲባጎውን በክንዱ ይዘው ወደ ድንጋዩ ወሰዱት፣ ሲሊንደሩን ከጀርባው አወረዱለት። ከዚያ ወደ ግራ እጁ አዩ።

«ሲባጎውን ለምን ጠቀለልከው?» አሉት ቀስ ብለው።

ባለሲባጎው እጁን አየ። ማጠንጠኛው ሞልቷል። እርጥብ፣ ነጭ፣ እኩል ተደርጎ የተጠቀለለ። ከማዶ ግድግዳ እስከ ኩሬው ድረስ ያለው ሁሉ፣ የቆየውም አዲሱም፣ አንድ ክንድ እንኳ ሳይቀር። የዘረጋው አንስቶታል።

«አላወቅሁም» አለ።

ጋሽ ንፋስ ራሳቸውን ያዙ። ይገባቸዋል፤ በሕይወታቸው ሙሉ ጠላቂ ሲያስገቡና ሲያስወጡ የኖሩ ናቸው። «እጅህ ነው» አሉ። «እጅህ ጉድ ሠራህ።»

መርማሪው ወጣት ነበር፤ ሰው አክባሪ። ቢሮው ጠባብ ናት፤ መስኮቷ አይከፈትም። የካሜራውን ምስል በኮምፒውተር ከፈተና ማያውን ወደ ባለሲባጎው አዞረለት። ምስሉ አጭር ነው። አዳራሹ ሰማያዊ ብርሃን ለብሷል፤ የድንጋዩ ጦሮች ከጣሪያው ተንጠልጥለዋል፤ በማዶ ትንሽ ጥቁር ሰው መብራት ይዞ ተንሳፍፏል። ከዚህ የበለጠ የሚያምር ነገር ባለሲባጎው አይቶ አያውቅም። በመሃሉ አንዳችም ክር የለም።

«ጋሼ፣ ሲባጎው በአዳራሹ ውስጥ ነበር ብለዋል።»

«ነበር።»

«የቱ ጋ ነው?»

«ከከንፈሩ ሥር ወሽቆታል። ለሥዕሉ ብሎ።»

«ሲወሽቀው አይተዋል?»

«ጀርባዬን ሰጥቼ ነበር።»

«እና አሁን ብንገባ እዚያ ይገኛል?»

ባለሲባጎው ጠረጴዛው ላይ ያለውን ማጠንጠኛ አየ። መርማሪውም አየው። ወጣቱ ብዕሩን አስቀምጦ ጥቂት ጠበቀ፤ ሌላ ነገር ይነግረኛል ብሎ። ሌላ ነገር አልነበረም። አልተከሰሰም። አደጋ ነው ተባለ፤ በአዳራሹ ውስጥ የመመለሻ ሲባጎ ሳይዘረጋ በመቅረቱ የደረሰ አደጋ። የመጥለቅ ፈቃዱን መለሰ። የውሃ ድርጅቱ ከመጋዘን በላይ ሥራ አልሰጠውም።

ወሬ ከሰው ቀድሞ ቤት ይገባል። የጡብ ፋብሪካው ሠራተኞች ሲያልፍ ይነሡለት የነበሩት አሁን ጫማቸውን ያያሉ። አስጎብኚ ድርጅቱ ፊልሙን ተወው፤ ግን ከመጨረሻው ቀረጻ አንዱን ምስል በትልቁ አሳትሞ፣ በመስታወት አድርጎ፣ ለልጁ እናት አመጣላቸው። ለደግነት ነው። አማቱ ሳሎኑ ውስጥ፣ ከመብል ጠረጴዛው ትይዩ አሰቀሉት። የልጃቸው የመጨረሻ ሥራ ነው፤ ማን ይከለክላቸዋል? ባለሲባጎው ከዚያ ወዲህ ምሳውን የሚበላው ከሥሩ ሆነ። ቀና ካለ ያየዋል። ሰማያዊው አዳራሽ፣ ትንሹ ሰው፣ ንጹሑ ውሃ።

አማቱ አልጮሁበትም። አንድ ጠዋት ብቻ፣ ጨው እንዲያቀብላቸው ሲጠይቁት፣ «ያንን ጨው ቢያቀብሉኝ» አሉት። ሚስቱ መርፌዋን ያዝ አድርጋ ቆመች። ልጄ ቀረ፤ አንተ ቀረ። እንደ እንግዳ፣ እንደ ሹም አከበሩት። ባለሲባጎው ጨውን አቀበላቸው። ስድብ ቢሆን ይሻለው ነበር፤ ስድብ የቤት ሰው ነው።

ለሚስቱ ሁሉንም ነግሯታል፤ የገፋችውን እጅ ሲቀር። መስፊያ ማሽኗ ላይ እንደተቀመጠች ጀርባዋን ሰጥታ ሰማችው። ሲጨርስ «ለእማዬ አትንገራት» አለች።

«ሲባጎ አልዘረጋም ብላ ታምናለች።»

«ታምን። ሌላውን ከሰማች እኮ ልጇን የገደለው ራሱ ልጇ ነው ማለት ነው።»

«እኔንስ?»

 ፔዳሉን ረገጠች፣ ማሽኑ ጮኸ።

ቻለው። ሙት ወቃሽ አያድርገኝ እያለ ክረምቱን ቻለው። ከመጋዘን ይመጣል፣ ይበላል፣ ይተኛል። ምናልባት እስከ መጨረሻውም ይችለው ነበር፤ ግን አንድ እሑድ ዘመድ ሊጠይቃቸው መጣ። የአማቱ እህት ናቸው፤ ሌላ ከተማ ነው የሚኖሩት፤ አንደበተ ቀላል፣ ሲሰሙ የማይጠግቡ ሴት። ከሥዕሉ ሥር ቆመው አዩት።

«ይሄ ጥቁሩ ሰውዬ ማነው?»

«እሳቸው ናቸው» አሉ አማቱ፣ በአገጫቸው ወደ ባለሲባጎው አመልክተው።

«ውይ። እያዩት ነው የቀረው?» አሉ እህትየው። ለክፋት አልነበረም፤ አፋቸው ነው።

 አማቱ ክረምቱን ሙሉ ያልጠየቁትን ጠየቁ፤ ሳያዩት፣ ሥዕሉን እያዩ። «እስቲ እርስዎ ይንገሯት። ዘርግተው ነበር?»

ሚስቱ ከማሽኑ ቀና አለች። ዓይኖቿ ተው አሉት። ግልጽ ነው፤ ከአንድ ሰው ጋር ያን ያህል ዓመት የኖረ ሰው ያነበዋል። አንድ ቃል ብቻ ነበር የምትለምነው፤ አልዘረጋሁም። ለአሮጊቷ ሌሊት እንቅልፍ የምትሆን አንድ ቃል።

«ዘርግቻለሁ፣ እማዬ» አለ ባለሲባጎው። «ከአዳራሹ መግቢያ እስከ ማዶ። ያነሣው ልጅዎ ነው። ከሥዕሉ እንዲወጣ።»

 አማቱ ከሥዕሉ ዓይናቸውን አላነሱም። ጠጋ ብለው በጣታቸው መስታወቱን ነኩ፤ ከአንዱ ጥግ ወደ ሌላው፣ በውሃው መሃል፣ ክሩ ማለፍ በነበረበት ቦታ ላይ ጣታቸውን አስኬዱ።

«የታለ?» አሉ።



«የሞተ አፍ የለውምና» አሉ ከዚያ፣ ድምፃቸው ሳይጨምር። ወደ መኝታ ቤታቸው ገቡ። እህትየውም ተከተሏቸው። የቁም ሳጥን በር ሲከፈት ተሰማ።

ሚስቱ መቀሷን አስቀመጠች። ገብታ እናቷን አነጋገረች፤ ረጅም ጊዜ ቆየች። ስትወጣ የራሷን ልብስ ማጠፍ ጀመረች፤ ቀስ እያለች፣ እንደ ደንበኛ ጨርቅ ጠርዝ ከጠርዝ እያገናኘች።

«አንቺም?» አላት።

«እማዬ እህቷ ጋ ልትሄድ ነው። አክስቴ ራሷን የማትችል ሴት ናት፤ እሷ ማንን ታስታምማለች? ብቻዋን አልልካትም።»

«እስከ መቼ?»

«እኔ እንጃ።»

«ውሸቴን ነው ያልሽው አንቺም?»

እጇን ከልብሱ ላይ አነሣች። «አምንሃለሁ» አለችው። «የነገርከኝ ቀን ነው ያመንኩህ። ወንድሜን አላውቀውም? ሲባጎውን ማንሳቱን ሳትነግረኝም አውቄው ነበር።»

«ታዲያ?»

«ታዲያማ ምን? የእኔ ማመን እናቴን አያኖርልኝም። እሷ አንተ ባለህበት ቤት አትበላም። እኔ ደግሞ ሌላ እናት የለኝም።» ወደ ልብሱ ተመልሳ «አንድ ቃል ነበረች» አለች። «ያቺን ቃል ለሰዓት ያህል እንኳ ልትሰጣት አልቻልክም።»

ባለሲባጎው ክረምቱን ሙሉ የፈለገው መታመን ነበር። አሁን አገኘው። እንደ እርጥብ ጨርቅ እጁ ላይ ከበደው እንጂ የሚያደርግበት ነገር አልነበረውም።

ሻንጣዎቹን ወደ ታች ያወረደው እሱ ነው። ሊፍቱ ከተበላሸ ቆይቷል፤ ደረጃውን እየተመላለሰ፣ መጀመሪያ የአማቱን፣ ቀጥሎ የአክስትየውን፣ በመጨረሻ የሚስቱን። ሥዕሉን ሚስቱ በብርድ ልብስ ጠቅልላ ራሷ ይዛ ወረደች። ታክሲው ከበሩ ላይ ሞተሩን ሳያጠፋ ቆሟል። ባለሲባጎው ዕቃውን ጫነ፣ የኋላውን በር ዘጋ፣ አማቱ እንዲገቡ ክንዳቸውን ሊይዝ እጁን ዘረጋ። ክንዳቸውን አልሰጡትም፤ በሩን ይዘው ብቻቸውን ገቡ። ከተቀመጡ በኋላ መስኮቱን ዝቅ አድርገው፣ ዕቃ ለተሸከመላቸው ለማያውቁት ሰው እንደሚባለው፣ በትሕትና፣ «እግዜር ይስጥልኝ» አሉት።